ከክለብ ክለብ ለሚዞር ተጫዋች፦ ሻንጣ፣ ፋይልና ታኬታ

ጎንደር፣ ቀሃ ሰፈራችን ውስጥ አንድ ልጅ አለ። የግራ መስመር ተከላካይ ነው፣ እንደኔ። ሰሞኑን አንድ የከፍተኛ ሊግ (ከፕሪሚየር ሊጉ ቀጥሎ ያለው) ክለብ ለሙከራ ጠርቶት መጣና «ጋሼ፣ ምን ይዤ ልሂድ?» አለኝ። ጋሼ ሲለኝ ደነገጥኩ፤ ገና 36 ዓመቴ ነው። ግን በ11 ዓመት ውስጥ 7 ክለብ ዞሬያለሁና ጥያቄውን ለኔ ማምጣቱ አልከፋኝም። ለሱ የነገርኩትን ነው እዚህ የምጽፈው።

ጎንደር ላይ ኳስ ተጫውቻለሁ ስትል ሰው ቀድሞ የሚጠይቅህ «ለፋሲል?» ብሎ ነው። ለፋሲል አልተጫወትኩም። የፋሲል ከነማ ልጆች፣ አፄዎቹ፣ በ2013 የፕሪሚየር ሊጉን ዋንጫ ሲወስዱ እኔ ሌላ ከተማ፣ ሌላ ሊግ ውስጥ፣ ጉልበቴ ላይ በረዶ አስሬ በስልክ እያየሁ ነበር። የኔ ዓይነቱ ተጫዋች አንድ ዓመት ይፈርማል፣ ይጫወታል፣ ሰኔ ላይ ሻንጣውን ይሸክፋል። ደጋፊ ስሙን ሳይለምደው ይሄዳል። ሥራ ግን ሥራ ነው፤ እኔ በዚህ ሥራ እህቴን አስተምሬያለሁ።

ከታኬታ በፊት ፋይል ግዛ። ጽሕፈት መሣሪያ ቤት የሚሸጠውን፣ ቁልፍ ያለውን ላስቲክ ፋይል። ውልህ፣ መልቀቂያህ፣ የልደት ካርድህ፣ የትምህርት ማስረጃህ፣ የሐኪም ወረቀትህ እሱ ውስጥ ይግባ። ኮፒውን እናትህ ጋ አስቀምጥ፣ ፎቶውን ስልክህ ላይ።

ይህን የምለው ተቃጥዬ ነው። አራተኛው ክለቤ ጋ ውሌ አልቆ ሌላ ክለብ ፈልጎኝ ነበር። በስልክ ተስማምተናል፤ የቀረኝ መልቀቂያ ብቻ። ቢሮ ሄድኩ። «ማህተም የያዘችው ልጅ ፈቃድ ላይ ናት፣ ነገ ና» አሉኝ። በነጋታው ሄድኩ፤ ስብሰባ ነው። በሦስተኛው ቀን የሚፈርመው ሰውዬ መስክ ወጥቷል። እንዲህ እንዲህ እያሉ 11 ቀን አመላለሱኝ። ኮሪደሩ ላይ አንዲት አግዳሚ ወንበር ነበረች። አንድ እግሯ አጭር ስለሆነ ካርቶን አጥፈው ከሥሯ ሸጉጠውላታል። የቲማቲም ድልህ ካርቶን ነው። ላዩ ላይ የተጻፈውን ሁሉ በቃሌ ያዝኩት፤ «በደረቅ ቦታ ይቀመጥ» ይላል። በ12ኛው ቀን ወረቀቱ ወጣ። የዝውውር መስኮቱ፣ ክለብ አዲስ ተጫዋች የሚያስመዘግብበት ጊዜ፣ ከተዘጋ ሁለት ቀን ሆኖታል። የፈለገኝ ክለብም ሌላ ልጅ አስፈርሟል። ያንን ግማሽ ዓመት ጎንደር ተቀምጬ በየማለዳው እስከ አዘዞ አስፋልት ሮጥኩ።

ስለዚህ መልቀቂያህን በአፍ አትጠይቅ። የውልህ ማብቂያ ሲቃረብ ማመልከቻ ጻፍ፣ መዝገብ ቤት አስገባ፣ የገቢ ቁጥሩንና ቀኑን አንተ ጋ በሚቀረው ኮፒ ላይ አስጽፍ። ያኔ «አልተጠየቅንም» የሚል አይኖርም።

ውሉን ደግሞ አንብበው። ማኪያቶ እየጠጣህ፣ ማናጀሩ ትከሻህን እየመታ «ወንድሜ፣ እኔ አለሁልህ» ሲልህ አትፈርም። ወደ ቤት ውሰደው፣ አሳድረው። የፊፋን የዝውውር ደንብ ከኛ ተጫዋቾች ብዙዎቹ አያውቁትም፤ እኔም ያወቅኩት ዘግይቼ ነው። ጥቂቱን ልንገርህ። ውል ቢያንስ እስከ ውድድር ዓመቱ መጨረሻ፣ ቢበዛ 5 ዓመት ነው። ከ18 ዓመት በታች ከሆንክ ከ3 ዓመት አይበልጥም። ሊያልቅ 6 ወር ሲቀረው ከሌላ ክለብ ጋር መፈረም ትችላለህ። በአንድ የውድድር ዓመት ለ3 ክለብ ልትመዘገብ ትችላለህ፤ በይፋዊ ጨዋታ መሰለፍ የምትችለው ግን ለ2 ብቻ ነው። ከፈረምክ በኋላ «የሕክምና ምርመራ ወድቀሃል» ብሎ ውል ማፍረስ የለም፤ ምርመራው ከፊርማ በፊት ይደረግ። የ2 ወር ደሞዝ ያለ አግባብ ከያዙብህ ደግሞ በጽሑፍ ቢያንስ 15 ቀን ትሰጣቸዋለህ፤ ካልከፈሉ ውሉን ለማቋረጥ በቂ ምክንያት አለህ ይላል ደንቡ። ዝም ብለህ ካምፕ ጥለህ ከጠፋህ ግን ጥፋተኛው አንተ ነህ። መጀመሪያ ደብዳቤ፣ ቀጥሎ ፌዴሬሽን።

እዚህ ላይ አንድ ወሬ ላምጣ። ካናዳ ያለው የአክስቴ ልጅ በረዶ ላይ በዱላ የሚጫወቱትን ሆኪ ይወዳል። ማይክ ሲሊንጀር የሚባል ተጫዋች እዚያ ትልቁ ሊግ ውስጥ ለ12 ክለብ ተጫውቷል፤ 9 ጊዜ በልዋጭ ተሰጥቷል። እዚያ ውልህ ላይ የሚከለክል አንቀጽ ከሌለ ክለቡ ሳይጠይቅህ ይለውጥሃል። ስልክ ይደወልልሃል፣ ከዛሬ ጀምሮ የእገሌ ከተማ ነህ። ይህን ስሰማ 7 ክለቤን ማማረር ተውኩ። በኛ ኳስ ካልፈረምክ ማንም አይሸጥህም። በዚያች ፊርማ አትቀልድ።

የፊርማ ገንዘብ ላይ ብዙ አልልም። የመጀመሪያዬን በቆዳ ጃኬትና በሰፈር ግብዣ ጨረስኩት፤ ኅዳር ላይ ከክፍል ጓደኛዬ ተበደርኩ። ውልህ ስንት ወር ደሞዝ እንደሚከፍል ቁጠር። ከኔ ውሎች ሦስቱ የ10 ወር ነበሩ። ሆድ ግን 12 ወር ይበላል።

አዲስ ከተማ ስትገባ የመጀመሪያው ሳምንት ነው የሚወስነው። አሰልጣኙ ሜዳ ላይ ያይሃል። ሌላ ቦታ የሚያዩህ ወጌሻው፣ ትጥቅ ያዡና ምግብ የምትሠራው እናት ናቸው። በስማቸው ጥራቸው፣ ቀድመህ ሰላም በል። ስድስተኛው ክለቤ ውስጥ ጡንቻዬ ሲሸማቀቅ ወጌሻው ከአምበሉ በፊት እኔን ያሸኝ ነበር። ሌላ ምክንያት የለውም፤ ጠዋት ጠዋት ሻይ አብረን ስለምንጠጣ ነው። «እኛ ጎንደር እኮ…» እያልክ አታስቸግር። አንዴ ብለህ ሳቅ፣ ሁለተኛ አይደገም። የመጀመሪያው ልምምድ ላይ ኳስ አትንዳ። ተቀበል፣ ለቅርብህ ስጥ፣ ተመለስ። እኛ ተከላካዮች የምንቀጠረው ላለማስደንገጥ ነው።

ቆላ ከሄድክ ሌላ ጣጣ አለ። ጎንደር ከ2,100 ሜትር በላይ ናት፣ ድሬዳዋ 1,200 ገደማ። ሳንባህ ይደሰታል፣ ሙቀቱ ግን ያደርቅሃል። ድሬዳዋ የመጀመሪያ ጨዋታዬ ላይ በ60ኛው ደቂቃ ሁለቱም ባቶቼ ተሸማቀቁ፤ በሸክም ወጣሁ። ጠጣ ሲሉኝ «አልጠማኝም» ብዬ ነበር። ሳይጠማህ ከዋዜማው ጀምረህ ጠጣ፣ ምግብህ ላይ ጨው አትፍራ። ፕሪሚየር ሊግ ከደረስክ ደግሞ ክለቦች በተመረጡ ከተሞች ተሰብስበው የሚጫወቱበት አሠራር በ2013 መጥቷል። እንዲህ ሲሆን ሳምንታት ሆቴል ውስጥ ነህ። መጽሐፍ ያዝ፤ ካርታ በገንዘብ አትጫወት።

ሻንጣው? ሁለት ታኬታ፦ ረጅም ጥርስ ለጭቃ፣ አጭር ለሰው ሠራሽ ሣር። መጋጫ፣ ለቅልጥምህ። ነጠላ ጫማ። የራስህ አንሶላ፤ የካምፕ አንሶላ ማን እንደተኛበት አይታወቅም። ጋቢ። እናትህ የምታዘጋጀው በሶ፣ ደብል ላስቲክ ውስጥ። እኔ አንድ ጊዜ በነጠላ ላስቲክ ይዤ ዓባይ በረሃ ላይ ፈነዳና ማሊያዬ ሁሉ ነጭ ሆኖ ደረሰ። እስከ ውድድር ዓመቱ መጨረሻ «በሶ» ሲሉኝ ከረሙ።

ልጁ ትናንት ማታ ሊሰናበተኝ መጣ። አውቶቡሱ ሌሊት 11 ሰዓት ነው። ፋይሉን አሳየኝ፤ ገዝቷል፣ ሰማያዊ። አጭር ጥርስ ታኬታ ግን የለውም። የኔን ከአልጋ ሥር አወጣሁለት። የኔ 43፣ የሱ 41። አደረገውና ክፍሉ ውስጥ ወዲያና ወዲህ አለ። «ካልሲ እደርባለሁ» አለኝ።