የስቴት ታክስ ተመላሽዎ የት እንደደረሰ ማወቅ ሲያቅትዎት፦ ችግሩ፣ ምክንያቱና መፍትሔው

የፌዴራሉ ተመላሽ ፌብሩዋሪ ላይ ባንክ ገብቶ የስቴቱ ግን እስከ ኤፕሪል ድምፁ ሲጠፋ፣ ብዙ ሰው በቅድሚያ የሚያደርገው ታክስ ሰሪው ጋ መደወል ነው። ታክስ ሰሪው ግን ቅጹን ከላከ በኋላ የሚያየው ስቴቱ መቀበሉን ወይም ሳይቀበል መመለሱን የሚገልጽ ማረጋገጫ ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለውን የሚያውቀው የስቴቱ የግብር መሥሪያ ቤት ሲሆን፣ እርሱም በድረ ገጹ መልስ የሚሰጠው የሚጠይቃቸውን ቁጥሮች አንድም ሳያዛንፉ ለሚያስገቡ ብቻ ነው። በእኔ እምነት የስቴት ተመላሽ ጠፋ ከሚባለው ውስጥ ብዙው ገንዘቡ ጠፍቶ ሳይሆን ጥያቄው በተሳሳተ ቦታ ወይም በተሳሳተ ቁጥር ስለቀረበ ነው። ስለዚህ ይህን ሲያነቡ ያስገቡትን የስቴት ቅጽ ቅጂ ከፊትዎ ያስቀምጡ። ቅጂው ከሌለዎት ታክስ ሰሪውን አስቀድመው የሚጠይቁት እርሱን ይሁን፤ የሠራውን ቅጽ ቅጂ ለእርስዎ መስጠት ግዴታው ነው።

የፌዴራሉን ሁኔታ የሚያሳየው ገጽ ስለ ስቴቱ ምንም አይልም

ምክንያቱ ቀላል ነው፤ የፌዴራሉ የግብር መሥሪያ ቤት አይአርኤስ ስለ ስቴት ተመላሽ ምንም አያውቅም። የሜሪላንድን የሜሪላንድ ኮምፕትሮለር፣ የቨርጂኒያን ቨርጂኒያ ታክስ፣ የዲሲን የታክስና ገቢ ቢሮው ማይ ታክስ ዲሲ (MyTax DC) በሚባለው ገጹ፣ የካሊፎርኒያን ፍራንቻይዝ ታክስ ቦርድ፣ የሚኒሶታን የሚኒሶታ የገቢ መሥሪያ ቤት ይይዘዋል። በፍለጋ ከሚመጡት ገጾች መካከል መሥሪያ ቤቱን የሚመስሉ ሌሎች ስለሚኖሩ፣ አድራሻው በዶት ጎቭ (የሚኒሶታው ከሆነ በ state.mn.us) የሚያልቅ መሆኑን ሳያዩ የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥርዎን አያስገቡ።

ሲያትል፣ ዳላስ፣ ላስ ቬጋስ ወይም ፍሎሪዳ የሚኖሩና ዓመቱን ሙሉ እዚያው የሠሩ ወገኖች ግን የሚከታተሉት የስቴት ተመላሽ የለም፤ ዋሽንግተን ስቴት፣ ቴክሳስ፣ ኔቫዳና ፍሎሪዳ ከደመወዝ ላይ የገቢ ግብር አይቆርጡም። በዓመቱ አጋማሽ ከሜሪላንድ ወደ ቴክሳስ የተዛወረ ሰው ግን ለኖረበት ጊዜ ለሜሪላንድ ቅጽ ማስገባት ስላለበት፣ ተመላሽ ካለው የሚጠይቀው ሜሪላንድን ነው።

ገጹ «መረጃ አልተገኘም» ይላል

ከሁሉም ይበልጥ ሰው የሚደናገጠው በዚህ ነው፤ በቀላሉ የሚፈታውም ይኸው ነው።

በመጀመሪያ ያስገቡትን የገንዘብ መጠን ይመርምሩ። ገጹ የሚጠይቀው በስቴቱ ቅጽ ላይ ተመላሽ ተብሎ የተጻፈውን ነው፤ ብዙዎች ግን ከፌዴራሉ ቅጽ 1040 መስመር 35ኤ ላይ ያለውን፣ ወይም ታክስ ሰሪው ሁለቱን ደምሮ በቃል የነገራቸውን ያስገባሉ። ቁጥሩ በሜሪላንድ ከፎርም 502፣ በቨርጂኒያ ከፎርም 760፣ በዲሲ ከዲ-40፣ በሚኒሶታ ከኤም 1 መወሰድ አለበት። ከታክስ ሰሪው ክፍያ ተቀንሶ ይደርስዎታል የተባለውም አይሠራም፤ ቅጹ ላይ ያለው ሙሉው መጠን ነው የሚፈለገው።

ቀጥሎ ዓመቱን ይመልከቱ። በ2025 ለሠሩበት ገቢ በ2026 ታክስ ካስገቡ፣ የሚመርጡት የታክስ ዓመት 2025 ነው።

ሦስተኛው ምክንያት በእኛ ቤተሰቦች ዘንድ በርከት ብሎ የሚታይ ነው። ባልና ሚስት በጋራ ሲያስገቡ ስቴቱ ፋይሉን የሚያገኘው ቅጹ ላይ በመጀመሪያ በተጻፈው ሰው የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥር ነው። በባህላችን ሚስት የባሏን ስም ስለማትወስድ የሁለቱ የአባት ስም ይለያያል፤ ስለዚህም እያንዳንዳቸው የየራሳቸው ፋይል ያለ ይመስላቸውና ሁለተኛዋ ተጻፊ በራሷ ቁጥር ስትጠይቅ ምንም አታገኝም። ቅጹን አውጥተው የላይኛው ስም የማን እንደሆነ ይዩና በእርሱ ቁጥር ይጠይቁ። እንደ ሚኒሶታ የትውልድ ቀን የሚጠይቅ ስቴት ከሆነ ደግሞ፣ ከኢትዮጵያ የዘመን አቆጣጠር በራስዎ ያሰሉትን ቀን ሳይሆን ሶሻል ሴኩሪቲ ላይ የተመዘገበውን ያስገቡ፤ አሜሪካ ሲገቡ ጃንዋሪ 1 ተብሎ ከተመዘገበልዎት ገጹ የሚያውቀው ይህንኑ ነው። ካሊፎርኒያ ከመጠኑ በተጨማሪ የፖስታ አድራሻዎን ቁጥሮችና ዚፕ ኮድ ስለሚጠይቅ፣ ቤት ከቀየሩ ቅጹ ላይ ያለውን አድራሻ ይጠቀሙ።

ቁጥሮቹ ሁሉ ትክክል ሆነው ገጹ አሁንም የማያውቅዎት ከሆነ፣ ሦስት ነገሮች ይቀራሉ። አንደኛ፣ ጊዜው ገና ሊሆን ይችላል፤ ለምሳሌ በቨርጂኒያ በኤሌክትሮኒክስ የገባ ቅጽ ከ72 ሰዓት ገደማ በኋላ፣ በፖስታ የተላከ ደግሞ ከ4 ሳምንት ገደማ በኋላ ነው መታየት የሚጀምረው። ሁለተኛ፣ የፌዴራሉና የስቴቱ ቅጽ አንድ ላይ ተያይዘው ሲላኩ የፌዴራሉ ተቀባይነት ካጣ የስቴቱም አብሮ ይመለሳል፤ ታክስ ሰሪው ስሕተቱን አርሞ ፌዴራሉን ብቻ እንደገና ልኮ የስቴቱን ዘንግቶት ሊሆን ይችላል። ሦስተኛ፣ የስቴቱ ቅጽ ከመጀመሪያውም አልተላከም። አንደኛውን ከሁለተኛውና ከሦስተኛው የሚለየው አንድ ጥያቄ ብቻ ነው፤ ታክስ ሰሪውን «ስቴቱ ቅጹን የተቀበለበትን ቀን የሚያሳየውን ማረጋገጫ ላክልኝ» ይበሉት። «ተልኳል» የሚል የቃል መልስ ማረጋገጫ አይደለም፤ መላክና መቀበል የተለያዩ ናቸውና።

«በሂደት ላይ» ብሎ ሳምንታት አለፉ

ቨርጂኒያ በኤሌክትሮኒክስ ለገባ ቅጽ እስከ 4 ሳምንት፣ በወረቀት ለመጣ እስከ 8 ሳምንት ይላል፤ በአደራ ፖስታ (ሰርቲፋይድ ሜይል) የተላከ ከሆነ ሌላ 3 ሳምንት ይጨምርበታል፤ ስለዚህም ለጥንቃቄ ብሎ በአደራ የላከ ሰው ከሁሉም በኋላ ይደርሰዋል። ካሊፎርኒያ ለኤሌክትሮኒክስ እስከ 3 ሳምንት፣ ለወረቀት እስከ 3 ወር ይላል። ከዚህ ካለፈ ግን ሁለት ነገሮች ይጠረጠራሉ።

አንደኛው የማንነት ማረጋገጫ ነው። በሌላ ሰው ስም ተመላሽ የሚሰርቁ ስለበዙ ስቴቶች አንዳንድ ፋይሎችን አቁመው «ይህን ያስገቡት እርስዎ ነዎት?» የሚል ደብዳቤ በፖስታ ይልካሉ። ደብዳቤው መለያ ቁጥር ሰጥቶ በድረ ገጽ እንዲመልሱ፣ ወይም የመታወቂያና የዳብልዩ ቱ (ቀጣሪዎ የዓመቱን ደመወዝና የቆረጠውን ግብር የሚያሳይበት ቅጽ) ቅጂ እንዲልኩ ይጠይቃል። መልስ እስኪያገኝ ድረስ ፋይሉ ካለበት አይንቀሳቀስም። ከስቴቱ የሚመጣው ፖስታ በማስታወቂያ ወረቀት መካከል ተቀላቅሎ ሳይከፈት ሲቀር ማየት ያሳዝነኛል፤ የአንድ ቤተሰብ የወር ኪራይ የሚያህል ገንዘብ በአንድ ያልተከፈተ ፖስታ ምክንያት ሊቆም ይችላልና። ቤት ከቀየሩ ፖስታ ቤት ማስታወቅዎ ብቻ በቂ ነው ብለው አይመኑ፤ አድራሻዎን ራሱ የግብር መሥሪያ ቤቱ ዘንድ ያስለውጡ። በስልክ የጽሑፍ መልእክት ሊንክ ልኮ «ተመላሽዎን ለማስለቀቅ የባንክ ቁጥርዎን ያስገቡ» የሚል ግን አጭበርባሪ ነው፤ አይንኩት።

ሁለተኛው የዳብልዩ ቱ አለመጣጣም ነው። ቀጣሪዎች የቆረጡትን የስቴት ግብር በአብዛኛው እስከ ጃንዋሪ 31 ለስቴቱ ያሳውቃሉ፤ ስቴቱም እርስዎ ያስገቡትን ከእርሱ ጋር ያመሳክራል። ቀጣሪው ካላሳወቀ ወይም ቁጥሩ ከተለያየ፣ ስቴቱ የዳብልዩ ቱ ቅጂ ወይም የመጨረሻ ወር የክፍያ ወረቀት ሊጠይቅዎት ይችላል፤ ከጠየቀ በተባለው ቀን ውስጥ ይላኩ።

በዚህ ሁሉ መካከል ፈጽሞ የማይደረገው፣ «ምናልባት አልደረሰ ይሆናል» ብሎ ያንኑ ቅጽ ሁለተኛ ጊዜ መላክ ነው። ሁለተኛው ቅጽ እንደ ማጭበርበር ምልክት ወይም እንደ ማሻሻያ ሊታይና የመጀመሪያውን ጭምር ሊያቆመው ይችላል።

«ተልኳል» ይላል፤ ባንኬ ግን ባዶ ነው

ስቴቱ የላከበትን ቀን ይመዝግቡና ጥቂት የባንክ የሥራ ቀናት ይጠብቁ። ከዚያ በኋላ የስቴት ቅጹን አውጥተው የተጻፈውን የራውቲንግና የአካውንት ቁጥር ከባንክዎ ቁጥር ጋር ያስተያዩ። ቁጥሩ የማያውቁት ከሆነ አይደንግጡ፤ የታክስ ሰሪው ክፍያ ከተመላሹ እንዲቆረጥ ፈርመው ከነበረ፣ ገንዘቡ መጀመሪያ ወደ ሌላ ባንክ ጊዜያዊ አካውንት ገብቶ ክፍያው ከተነሣለት በኋላ ነው ቀሪው ወደ እርስዎ የሚመጣው። የስቴቱ ከፌዴራሉ ቀድሞ ከደረሰ ደግሞ ክፍያው ከስቴቱ ላይ ሊነሣ ስለሚችል፣ ከሚጠብቁት በጣም ያነሰ ይደርስዎታል። በዚህ ጊዜ የሚጠየቀው ስቴቱ ሳይሆን ያ ባንክ ነው፤ ስሙና ስልኩ ሲፈርሙ በተሰጠዎት ውል ላይ አለ።

ቁጥሩ የእርስዎ ሆኖ አካውንቱ ተዘግቶ ከነበረ ባንኩ ገንዘቡን ለስቴቱ ይመልሳል፤ ስቴቱም በአብዛኛው በቼክ ወደ አድራሻዎ ይልካል። በአንድ አሃዝ ስሕተት የሌላ ሰው አካውንት ከተጻፈ ግን ነገሩ ይከብዳል፤ በዚያው ቀን ለስቴቱም ለባንኩም ማሳወቅ ያስፈልጋል።

የመጣው ከጠበቅሁት ያነሰ ነው

ስቴቱ ስሌቱን ካስተካከለ ወይም ገንዘቡን ለዕዳ ካዋለው ምክንያቱን በደብዳቤ ይገልጻል። ያልተከፈለ የልጅ ማሳደጊያ፣ የቆየ የግብር ዕዳ፣ የፍርድ ቤት ቅጣትና የመሳሰሉት ከተመላሽ ላይ ይነሣሉ። በዕዳው ካልተስማሙ የሚከራከሩት፣ ዕዳው የግብር ካልሆነ በቀር፣ ከግብር መሥሪያ ቤቱ ጋር ሳይሆን ዕዳ አለበት ካለው ተቋም ጋር ነው። የዕዳው ባለቤት ከባልና ሚስት አንዱ ብቻ ከሆነ፣ ሌላው ወገን የራሱን ድርሻ መጠየቅ ይችል እንደሆነ ስቴቱን ይጠይቅ።

ኡበርና ሊፍት የሚነዱ፣ በየሩብ ዓመቱ አስቀድመው የሚከፍሉ ወገኖች ሌላም ያጋጥማቸዋል፤ ክፍያው በትዳር ጓደኛ ቁጥር ወይም በሌላ ዓመት ከተመዘገበ ስቴቱ እንዳልተከፈለ ይቆጥርና ተመላሹን ይቀንሳል። የክፍያውን ደረሰኝ ወይም የባንክ ማስረጃ ይዘው ወደ ትክክለኛው ዓመት እንዲዛወር ይጠይቁ።

በአንዱ ስቴት እየኖርኩ በሌላው እሠራለሁ

በዲሲ፣ በሜሪላንድና በቨርጂኒያ ለሚኖሩ ወገኖቻችን ይህ ሰፊ ጉዳይ ነው። ዲሲ ነዋሪዋ ያልሆነውን ሰው ደመወዝ አትቀርጥም፤ ሜሪላንድና ቨርጂኒያም አንዱ የሌላውን ነዋሪ ደመወዝ ላለመቅረጥ ስምምነት አላቸው። ነገር ግን ቀጣሪው ሳያውቅ ወይም እርስዎ ሲቀጠሩ ቅጹን ሳይሞሉ ለሥራ ቦታው ስቴት ይቆርጣል። በዓመቱ መጨረሻ የቨርጂኒያ ነዋሪው ለቨርጂኒያ ዕዳ ይመጣበታል፤ ገንዘቡ ግን ዲሲ ተቀምጧል። ተመላሹን በቨርጂኒያ ገጽ ሲፈልግ ቢውል አያገኘውም።

መፍትሔው ለቆረጠው ስቴት የነዋሪ ያልሆነ ሰው ቅጽ ማስገባት ነው፤ ከዲሲ በዲ-40ቢ፣ ከቨርጂኒያ በፎርም 763-ኤስ፣ ከሜሪላንድ በፎርም 505 ይጠየቃል፤ ሁኔታውንም በዚያው ስቴት ገጽ ይከታተሉ። ለዲሲው የዳብልዩ ቱ ቅጂና ለሚኖሩበት ስቴት ያስገቡትን ቅጽ ማያያዝ ያስፈልጋል፤ አለመያያዙ ራሱ የመዘግየት ምክንያት ይሆናል። ነገሩ በሚቀጥለው ዓመት እንዳይደገም ለቀጣሪው የሚኖሩበትን ስቴት ቅጽ ይስጡ፤ ለቨርጂኒያ ነዋሪ ቪኤ-4፣ ለሜሪላንድ ነዋሪ ኤምደብልዩ 507 ነው፤ በተጨማሪም ዲሲ የሚሠራ ሰው ነዋሪ አለመሆኑን በዲ-4ኤ፣ ሜሪላንድ የሚሠራ የቨርጂኒያ ነዋሪ በኤምደብልዩ 507፣ ቨርጂኒያ የሚሠራ የሜሪላንድ ነዋሪ በቪኤ-4 ያሳውቃል። ባለፉት ዓመታትም እንዲህ ሲቆረጥብዎት ከነበረ ጊዜው አላለፈ ይሆናል፤ በሜሪላንድ፣ በቨርጂኒያና በዲሲ በአጠቃላይ 3 ዓመት ወደ ኋላ፣ በካሊፎርኒያ 4 ዓመት ድረስ ተመላሽ መጠየቅ ይቻላል።

ሁሉን ሞክሬ አልተፈታም

ወደ ስቴቱ ሲደውሉ የስቴት ቅጹን፣ ስቴቱ የተቀበለበትን ማረጋገጫና የደረሰዎትን ደብዳቤ ሁሉ ይያዙ፤ የደወሉበትን ቀንና ያነጋገሩትን ሠራተኛ ስም ይጻፉ። እንግሊዝኛው የሚያስቸግርዎት ከሆነ አስተርጓሚ ይጠይቁ እንጂ ልጅዎን ከትምህርት ቤት አያስቀሩ፤ በዲሲ ከ2004 ጀምሮ ባለው የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ አማርኛ ከሚሠራባቸው ቋንቋዎች አንዱ ስለሆነ «አማርኛ» ብለው መጠየቅ በቂ ነው። ቅጹን ራሱ የሚያይልዎት ሰው ካስፈለገ ደግሞ ቪታ በሚባለው መርሐ ግብር ሥልጠና የወሰዱ በጎ ፈቃደኞች ያለ ክፍያ ታክስ ይሠራሉ፤ አብዛኞቹ ቦታዎች ከኤፕሪል 15 በኋላ ስለሚዘጉ ከዚያ በፊት ይሂዱ።