አለቃ መጨረሻ ይናገር
ስብሰባ የምትመሩ ከሆነ ሐሳባችሁን መጨረሻ ላይ ተናገሩ። አለቃ “እኔ እንደሚመስለኝ...” ብሎ ከጀመረ አለቀ፤ ሌላው ራሱን መነቅነቅ ብቻ ነው። በብሪታንያ ወታደራዊ ፍርድ ቤት የችሎቱ አባላት ድምፅ ሲሰጡ በማዕረግ ዝቅ ያለው ይቀድማል፤ የበላዩን ፊት አይቶ እንዳይወስን ነው። እናንተም ከአዲሱ ሠራተኛ ጀምሩ። “አንተስ ምን ትላለህ?” ብቻ ካላችሁት “ጥሩ ነው” ብሎ ይገላገላችኋል። “ይህ ዕቅድ ቢበላሽ በየት በኩል የሚበላሽ ይመስልሃል?” በሉት፤ ያኔ አፉን ይፈታል። ሲናገር ታዲያ ፊታችሁን አታጨማድዱ (ከባዱ ይሄ ነው)። ከመበተናችሁ በፊት ለእያንዳንዱ ሥራ የአንድ ሰው ስምና ቀን ይጻፍ። “ቡድኑ ያየዋል” የሚል ካለ ሰርዙት።