የኖርማኖች የጉብታ ምሽግ አሠራር

ቦታው ይቀድማል። የወንዝ መሻገሪያ ወይም ዋና መንገድ ቁልቁል የሚያሳይ፣ ውሃ የማይርቀው መሬት ይመረጣል። ከተማ መሃል ከሆነ ቤት ይፈርሳል፤ የሰሜን ፈረንሳዮቹ ኖርማኖች እ.ኤ.አ. በ1066 እንግሊዝን ከወረሩ በኋላ በዚያው አገር በሊንከን ከተማ ለምሽጉ ሲባል 166 ቤቶች ተነሥተዋል።

ቀጥሎ ጉድባ በክብ ይቆፈራል፤ የወጣው አፈር ወደ መሃል ይከመራል። ጉብታው ብዙውን ጊዜ ከፍታው ከ5 ሜትር ያንሳል፤ ከ10 ሜትር የሚያልፈው ጥቂት ነው። ሥራው የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው፦ ዝም ብሎ የተቆለለ አፈር ዝናብ ሲመታው ይናዳል። ስለዚህ አንድ ንብር አፈር፣ አንድ ንብር ጠጠር ወይም ድንጋይ እየተደረገ ይጠቀጠቃል። ጠጠሩ ውሃ ያሳልፋል፤ የሸክላ አፈር ደግሞ ላዩን አጥብቆ ይይዛል። ወረራውን በሥዕል በሚተርከው ጥንታዊ ጨርቅ፣ በባዩ ጥልፍ ላይ፣ በእንግሊዝ የሄስቲንግስ ምሽግ ጉብታ በተለያየ ቀለም ተነባብሮ ይታያል (እግረ መንገዱን ሁለት ቆፋሪዎች በአካፋ ሲማቱም)።

አናቱ ላይ የእንጨት ማማና የግንድ አጥር ይቆማል፤ ከሥሩ በረትና ማድ ቤት የሚይዝ ሌላ ግቢ ይታጠራል፤ ሁለቱን ድልድይ ያገናኛል።

የሰው ጉልበት ከተገኘ ፍጥነቱ ይገርማል፤ በ1069 የእንግሊዟ ዮርክ ከተማ ሁለተኛ ምሽግ በ8 ቀን እንደቆመ ተጽፏል። ጣጣው እንጨቱ ነው፦ በእሳት ይነድዳል፣ መሬት የገባው ጫፉም ይበሰብሳል። ታዲያ በድንጋይ ለመተካት መቸኮል አይገባም። ያልረጋ ጉብታ ከባድ ግንብ ሲጫነው ይሰምጣል፣ ግንቡም ይሰነጠቃል። ከመሃል ማማ ይልቅ የጉብታውን ጠርዝ ተከትሎ የሚዞር ቀለል ያለ የድንጋይ ቅጥር ይሻላል።