ከ«ሄዲስ» ጌም ወደ ፒያኖ፦ ስኬል እንዴት እንለማመድ?

«ሄዲስ»ን የተጫወተ ሰው ሙዚቃውን ቶሎ አይረሳውም። ሱፐርጃያንት ጌምስ በ2020 አጠናቆ ያወጣው ይህ የአክሽን ጌም የተሠራው በግሪክ አፈ ታሪክ ላይ ነው። የሙታን ዓለም ገዥ የሆነው የሄዲስ ልጅ ዛግሪየስ ከአባቱ ግዛት ለማምለጥ ይዋጋል። ይሞታል፣ ቤቱ ይመለሳል፣ እንደገና ይወጣል። ሙዚቃውን የደረሰው ዳረን ኮርብ ነው፤ የዛግሪየስን ድምፅ የተጫወተውም እሱ ነው። ቡዙኪ፣ ባግላማና ላቭታ የተባሉትን የምሥራቅ ሜዲትራኒያን የክር መሣሪያዎች ከሮክ ጋር አዋህዷል።

ያ ድምፅ ደስ ካሰኛችሁ፣ ፒያኖ ላይ ስኬል (በተወሰነ ርቀት ተራ በተራ የሚወጡና የሚወርዱ ድምፆች) ለመማር ከዚህ የተሻለ ምክንያት አያስፈልግም። ብዙ ጀማሪ በስኬል የሚሰለቸው ወደየት እንደሚያደርሰው ስለማያውቅ ነው። የሚወደውን ድምፅ ፍለጋ የጀመረ ሰው ግን ይታገሣል። ትልቅ ፒያኖ አያስፈልግም፤ ባለ 61 ቁልፍ ኪቦርድ ይበቃል።

1. ዶን አግኙ፣ ጣቶቻችሁን ቁጠሩ

ጥቁሮቹ ቁልፎች ሁለት ሁለትና ሦስት ሦስት ሆነው ተደርድረዋል። ከሁለቱ ጥቁሮች ልክ በስተግራ ያለው ነጭ ቁልፍ ዶ ነው። ከዚያ ወደ ቀኝ ሬ፣ ሚ፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ፣ ሲ እያለ ይሄዳል። በሁለቱም እጅ አውራ ጣት 1፣ ትንሿ ጣት 5 ናት።

2. ዶ ሜጀር በቀኝ እጅ

ዶ ሜጀር ከዶ እስከ ቀጣዩ ዶ ነጩን ብቻ መምታት ነው። ርቀቱ ሁልጊዜ እንዲህ ነው፦ ሙሉ፣ ሙሉ፣ ግማሽ፣ ሙሉ፣ ሙሉ፣ ሙሉ፣ ግማሽ። «ግማሽ» ማለት ጥቁሩንም ቆጥሮ እስከሚቀጥለው ቁልፍ ድረስ ያለው ርቀት ነው፤ «ሙሉ» የዚያ እጥፍ። ይህን ቅደም ተከተል ከያዛችሁ የትኛውንም ሜጀር ስኬል ራሳችሁ ማግኘት ትችላላችሁ።

የጣቶቹ ተራ 1፣ 2፣ 3፣ ከዚያ 1፣ 2፣ 3፣ 4፣ 5 ነው። ሥራው ያለው ሚ እና ፋ መካከል ነው። ሦስተኛው ጣት ሚ ላይ ሳለ አውራ ጣት ከሥር ሾልኮ ፋ ላይ ያርፋል። እዚህ ጋ ብዙ ሰው ክርኑን ወደ ውጭ ያነሣና እጁን ያጣምማል። አታድርጉት። አውራ ጣት ቀድሞ ይዘጋጅ፤ ሁለተኛው ጣት ሬን ሲመታ ከመዳፍ ሥር ጉዞውን ይጀምር። ትከሻና ክርን ዝም ይበሉ። ስኬሉን ሙሉ ከመሄዳችሁ በፊት ሚ–ፋ፣ ሚ–ፋ እያላችሁ ይህችን ሽግግር ብቻዋን ደጋግሟት። ስትመለሱ ደግሞ አውራ ጣት ፋ ላይ ሆኖ ሦስተኛው ጣት በላዩ ተሻግሮ ሚ ላይ ያርፋል።

3. ግራ እጅ፣ ከዚያ ሁለቱ አብረው

ግራ እጅ ወደ ላይ ሲወጣ 5፣ 4፣ 3፣ 2፣ 1፣ ከዚያ 3፣ 2፣ 1 ነው። አውራ ጣት ሶል ላይ ሲደርስ ሦስተኛው ጣት በላዩ ተሻግሮ ላን ይመታል። ሜትሮኖሙን (ምት የሚቆጥርላችሁን መሣሪያ) በደቂቃ 60 ምት ላይ አድርጉና በአንድ ምት አንድ ድምፅ ብቻ ምቱ። እያንዳንዱ እጅ ለየብቻው ሳይሳሳት እስኪሄድ ሁለቱን አታገናኙ። ሲገናኙ የሁለቱ እጆች አውራ ጣት በተለያየ ቦታ ስለሚያልፍ መጀመሪያ ግራ ያጋባል። ፍጥነቱን ቀንሱት እንጂ አታቋርጡ።

4. ከሚ እስከ ሚ

አሁን ወደምንወደው ድምፅ እንግባ። ያው ነጩን ብቻ፣ ግን ከሚ ጀምራችሁ ሚ ላይ ጨርሱ። ጣቶቹ እንደ ዶ ሜጀር ናቸው። ይህ ፍሪጂያን ይባላል። መጀመሪያ ላይ ያለችው ሚ–ፋ ግማሽ ርቀት ስለሆነች ድምፁን ወዲያው ታጠቁረዋለች።

ቀጥሎ ሶልን ተዉና ከሱ በስተቀኝ ያለውን ጥቁር ቁልፍ ምቱ፤ ሌላው እንዳለ ይቆይ። ስሙት! ከፋ ወደ ጥቁሩ ያለው ዝላይ ሦስት ግማሽ ርቀት ሆነ። የግሪክ ቡዙኪ ተጫዋቾች ይህን ስኬል ሂጃዝ ይሉታል። ግራ እጃችሁ ዝቅ ያለውን ሚ ተጭኖ ይቆይ፣ ቀኝ እጃችሁ ደግሞ በነዚህ ድምፆች ላይ እንደፈለገ ይንሸራሸር።

5. ሁለት ድምፅ ቀንሱና አምባሰል አግኙ

ወደ ንጹሑ ፍሪጂያን ተመለሱና ሶልን እና ሬን አውጡ። የሚቀረው ሚ፣ ፋ፣ ላ፣ ሲ፣ ዶ ነው። ይህ አምባሰል ነው! ያንኑ አምስት ድምፅ ከላ ጀምራችሁ ላ፣ ሲ፣ ዶ፣ ሚ፣ ፋ ብትሉት ደግሞ ትዝታ ማይነር ይሆናል። አንድ ጥቁር ቁልፍ እንኳ አልነካንም። ክራር የሚቃኘው በጆሮ ስለሆነ ፒያኖው ልክ እሱን አይሆንም፤ ቅኝቱን ግን ጆሯችሁ ወዲያው ያውቀዋል። ለአምባሰል በቀኝ እጅ 1፣ 2፣ 3 ብላችሁ ሲ ላይ አውራ ጣትን አሳልፉ፤ ዶ በ2፣ የላይኛው ሚ በ4።

ለእኔ ትልቁ ደስታ እዚህ ላይ ነው። በጌሙ ውስጥ ዛግሪየስ ለመኝታ ክፍሉ ላየር የተባለውን የጥንት ግሪክ የክር መሣሪያ ሊገዛ ይችላል፤ ክራርና በገናም የዚያው የመሣሪያ ቤተሰብ ናቸው። ያ ቤተሰብ እኛ ጋ ዛሬም በቤተ ክርስቲያንም በሠርግ ቤትም ሕያው ነው።

6. መቼ እንለማመድ?

በአንድ ጊዜ ሁለት ሰዓት ከመቀመጥ በየቀኑ አሥር ደቂቃ ይሻላል። ጌሙን የምትጫወቱ ከሆነ ኪቦርዱን አጠገባችሁ አድርጉ። ዛግሪየስ ሞቶ ቤቱ በተመለሰ ቁጥር፣ እንደገና ከመውጣታችሁ በፊት አንድ ስኬል ሁለት ጊዜ ውጡና ውረዱ። ስትሳሳቱ ከመጀመሪያ አትጀምሩ፤ የተሳሳታችሁበትን ሦስትና አራት ድምፅ ብቻ አውጥታችሁ አለስልሱት። አንድ ስኬል ተከታታይ ሦስት ቀን በ60 ካልተሰናከለ ወደ 66 ከፍ አድርጉት።

ዶ ሜጀር ሲለሰልስ ወደ ሶል ሜጀር እለፉ። ጣቶቹ ያው ናቸው፤ የሚለወጠው ፋ ብቻ ነው፣ በስተቀኙ ወዳለው ጥቁር ቁልፍ ይሄዳል።