ከተማ በወራሪ ጦር ስትያዝ ለአዳማ እድሮች የሚሆን መመሪያ

ከተማ በወራሪ ጦር እጅ ስትወድቅ ሱቁም ባንኩም ጤና ጣቢያውም በአንድ ጊዜ ሊዘጋ ስለሚችል፣ ነዋሪው መጀመሪያ የሚደርስለት ጎረቤቱ ነው። በአዳማ ለዚህ የሚበጀው እድር ነው፤ ትልልቅ ድስቶቹ፣ ድንኳኑና የአባላት መዝገቡ ከወዲሁ በእጁ ናቸውና።

ከሁሉ አስቀድሞ መታረም ያለበት ይኸው መዝገብ ነው። ስም፣ ሥራ፣ የትውልድ ቦታና ስልክ የሰፈረበት ደብተር በፍተሻ ቢገኝ ለወራሪው የተዘጋጀ የስም ዝርዝር ይሆንለታል። ስለዚህ በየቤቱ ስንት ሰው እንዳለ፣ የስኳር ወይም የደም ግፊት መድኃኒት የሚወስድ መኖሩና የምታጠባ እናት መኖሯ ብቻ፣ ያለ ስም በምልክት ይያዝ፤ የምልክቱን ፍች የሚያውቁትም ሁለት ሰዎች ብቻ ይሁኑ። ጥሩንባም አይነፋ፤ መልእክት ከቤት ወደ ቤት በቃል ይተላለፍ። ይህን ጥንቃቄ ማንም እንደ ፍርሃት እንዳይቆጥረው አደራ እላለሁ።

የአዳማ የቧንቧ ውኃ ከአዋሽ ወንዝ ተጣርቶ በፓምፕ የሚመጣ በመሆኑ፣ መብራት ለረጅም ጊዜ ከጠፋ ውኃውም ይቋረጣል። ለመጠጥ፣ ለማብሰያና ለንጽሕና ለአንድ ሰው በቀን 15 ሊትር ያህል ይታሰብ። የወንዝ ውኃ በንጹሕ ነጠላ ተጣርቶ፣ ከተንተከተከ በኋላ ለ1 ደቂቃ ይፍላ፤ ከተማዋ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,000 ሜትር በታች ስለሆነች ይህ ይበቃል፣ ከሰልም ይቆጥባል። በስምጥ ሸለቆ ብዙ የጉድጓድ ውኃ፣ ሲበዛ ጥርስና አጥንት የሚጎዳው ፍሎራይድ የተባለ ማዕድን ይበዛዋል፤ ማፍላት ጀርሙን ይገድላል እንጂ ፍሎራይዱን አያስወግድም። ስለሆነም የመጀመሪያው ዝናብ ጣሪያውን ካጠበ በኋላ ከቆርቆሮ የሚጠራቀመው ውኃ ፈልቶ ለሕፃናት ይቀመጥ። እ.ኤ.አ. ከ1992 እስከ 1996 በተከበበችው የቦስኒያ ዋና ከተማ ሳራዬቮ ውኃ ለመቅዳት የተሰለፉ ሰዎች በመድፍ ተመትተው ሞተዋልና፣ ሰፈሩ ሁሉ ከሚሰለፍ ጥቂቶች በጋሪ ለሁሉም ይቅዱ።

ምግብ በአንድ ድስት ይብሰል፤ ማገዶ ሲጠፋ በሶና ቆሎ ይደርሳሉ። ኢንሱሊን፣ ፍሪጅ ሲቆም፣ በሁለት የሸክላ ዕቃዎች መካከል እርጥብ አሸዋ ተሞልቶ ውስጠኛው ዕቃ ውስጥ በጥላ ይቀመጥ። ተቅማጥ ለያዘው ሰው በ1 ሊትር ንጹሕ ውኃ 6 የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ማንኪያው ልክ ተደርጎ፣ ይበጥበጥለት።

እ.ኤ.አ. በ1949 የወጣው አራተኛው የጄኔቫ ስምምነት ከተማን የያዘ ኃይል፣ አቅሙ በፈቀደ መጠን፣ ለነዋሪው ምግብና መድኃኒት እንዲያቀርብ ያስገድዳል፤ የጅምላ ቅጣትንም ይከለክላል። ስለዚህ ወደዚህ ኃይል የሚላኩት ሽማግሌዎችና እናቶች የሚጠይቁት ችሮታ ሳይሆን መብት መሆኑን ይወቁ፤ የስንት ሰው እህልና የትኛው መድኃኒት እንደሚያስፈልግም ለይተው ይናገሩ። ዱቄት ለማግኘት ሲባል የጎረቤትን ስም መስጠት ግን ለማንም መልእክተኛ አልተፈቀደም፤ ይህም ሳይሄዱ በፊት በእድሩ ይወሰን።