ካሜራውን ቶሎ አታጥፉ፦ በትዕግሥት የሚቀረጽ ዘጋቢ ፊልም እንዴት ይሠራል?

በዚህ ዓይነቱ ዘጋቢ ፊልም ተራኪ የለም። «እስቲ ራስዎን ያስተዋውቁ» ብሎ ነገርም የለም። ካሜራው ቁጭ ብሎ ያያል። ለመጀመሪያ ሥራ ስልካችሁ ይበቃል።

መጀመሪያ እጁ ሥራ የያዘ ሰው ፈልጉ። ሥራ ላይ ያለ ሰው ካሜራውን ይረሳል። እኔ ጅማ ላይ በርጩማ የሚጠርቡ አንድ አባት መረጥኩ። ግንድ ይገባል፣ በርጩማ ይወጣል። የታሪኩ ግማሽ እዚያው አለ።

ቀጥሎ ካሜራ ሳትይዙ ባዶ እጃችሁን ሂዱ። ምን እንደምትቀርጹና የት እንደሚታይ ንገሯቸው። «አጥፋው» ሲሉ እንደምታጠፉም ቃል ግቡ። ከዚያ ተቀመጡ። ቡና ከመጣ ጠጡ፤ ጅማ ተሁኖ ቡና እምቢ አይባልም። እኔ ሦስት ቀን እንዲሁ ተቀመጥኩ። በአራተኛው ቀን አባባ «እስቲ ያንን መጥረቢያ አቀብለኝ» አሉኝ። እንግድነቴ ያኔ አለቀ። መቅረጽ የጀመርኩት በማግስቱ ነው።

ስልኩን አውሮፕላን ሞድ ላይ አድርጉ። በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል)፣ ሹተሩን፣ ማለትም እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ፣ 1/50 ሰከንድ ላይ ያዙ። የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ፣ በሌላ የሹተር ፍጥነት አምፖሉ ሊርገበገብባችሁ ይችላል። ትራይፖድ (የካሜራ ማቆሚያ) ከሌላችሁ በርጩማ ላይ ተቀምጣችሁ ክርናችሁን ጉልበታችሁ ላይ አስደግፉ። የጅማ በርጩማ ባለ ሦስት እግር ስለሆነ ወለሉ ወጣ ገባ ቢሆንም አይወዛወዝም። ሌንሱም ከጠራቢው ፊት ጋር እኩል ይሆናል። ቆማችሁ ብትቀርጹ የምታገኙት ኮፍያና ጀርባ ነው።

ድምፅ ላይ አትስነፉ። አሜሪካዊው የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ፍሬድሪክ ዋይዝማን እንኳ ካሜራውን ለሌላ ባለሙያ ሰጥቶ ማይኩን ራሱ ይይዝ ነበር። የጅማ ዝናብ ደግሞ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ንግግር ይውጣል። ማይኩን ወደ ሰውየው አስጠጉ። ሲያባራ ማንም ሳይናገር የቤቱን ድምፅ አንድ ደቂቃ ቅዱ፤ ኤዲት ስታደርጉ መጋጠሚያውን ይሸፍንላችኋል።

አሁን ዋናው። ሥራው አለቀ ስትሉ አታጥፉ፤ ሠላሳ ሰከንድ ጨምሩ። እኔ ከስሬ ነው የተማርኩት። በርጩማው አልቋል ብዬ አጠፋሁ። አባባ ግን ተቀመጡበት። ተነሱ። ገለበጡት፣ ከአንዱ እግር ጥፍር የምታህል ፍቅፋቂ አነሱለት። እንደገና ተቀመጡበት። «አንዴ ይድገሙልኝ» ልል አፌ ደርሶ ተመለሰ። ከተደገመማ ትወና ነው። ቀጣዩን በርጩማ ጠበቅኩ፤ እሱ አንዴ ተቀምጠውበት ልክ ሆነ። ያገኘሁት በሦስተኛው ነው።

ጅማ ውስጥ በአንድ ጨዋታ አፋን ኦሮሞና አማርኛ ይፈራረቃሉ። ሳትቆርጡ በፊት ሁሉንም አስተርጉሙ። የሰፈር ወሬ ነው ብዬ ልጥለው የነበረው የዋጋ ክርክር ሆኖ ተገኘ።

መጀመሪያ ኤዲት ያደረጋችሁትን ፊልም ለባለታሪኩ አሳዩ። አባባ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው እስከ መጨረሻው አዩት። ከዚያ ስክሪኑ ላይ ያለውን በርጩማ በጣታቸው ነክተው፣ «እዚህ ጋ አሁንም ትንሽ ይነሳለታል» አሉ።