ጤፍ ሲጠፋ፦ የማሽላ እንጀራና የጓያ ሽሮ ችግሮች

በ2013 ነሐሴ ጦርነቱ ወልድያ ሲደርስ መብራቱም ባንኩም ተቋረጠ። ጓዳችን ውስጥ የቀረው ማሽላ ብቻ ነበር። እነዚህን የተማርኩት ያኔ ነው።

እንጀራው ዐይን አያወጣም፦ አብዛኛውን ጊዜ አብሲቱ አንሷል። ማሽላ እንደ ጤፍ በቀላሉ አይያያዝም፤ የሚያያይዘው የበሰለው ሊጥ ነው። ለጤፍ ከለመዳችሁት አብሲት ጨምር አድርጉ፤ እስኪወፍር እያማሰላችሁ አብስሉት። ለብ ሲል ወደ ሊጡ መልሱት፤ እንደፈላ ከገባ እርሾውን ይገድለዋል። ከዚያ ኩፍ እስኪል ታገሡ። ያልተነሳ ሊጥ፣ ምጣዱ የቱንም ያህል ቢግል ዐይን አይኖረውም።

ጠዋት ለስላሳ የነበረው ማታ ይሰባበራል፦ የጋጋሪዋ ጥፋት አይደለም፤ ማሽላ ሲቀዘቅዝና ሲያድር ይደርቃል። የጤፍ ወይም የሩዝ ዱቄት በእፍኝም ቢሆን ከተገኘ ቀላቅሉበት። ካልተገኘ የዕለት የዕለቱን ጋግሩ። የተሰባበረውን ፈትፍቱት፣ የተረፈውን ፀሐይ ላይ አስጥታችሁ ድርቆሽ አድርጉት።

ምጣዱ ይይዛል፣ ዘይትም የለም፦ ጎመን ዘር ወቅጣችሁ በጨርቅ አሹት።

ወፍጮ ቤቱ ነዳጅ አጥቶ ቆሟል፦ በድንጋይ ወፍጮ የተፈጨ ዱቄት ሻካራ ነው። በወንፊት ንፉት፤ የላመውን አቡኩ፣ ሻካራውን ለገንፎ አውሉት። ለመፍጨት ጉልበት ካነሰ እህሉን ሌሊቱን ዘፍዝፋችሁ ንፍሮ ቀቅሉ፤ ማገዶም ይቆጥባል።

ሽሮው ሁሉ ጓያ ሆኗል፦ እባካችሁ ይህን በጥሞና አንብቡት። ጓያ ድርቁንም ውሃ የተኛበትንም መሬት ስለሚችል በክፉ ቀን የሚተርፈው እሱ ነው፤ ርካሽም ነው፣ ይጣፍጣልም። ግን ነርቭን የሚጎዳ መርዝ አለበት። ለሳምንታትና ለወራት ዋና ምግብ ሲሆን እግርን ያሽመደምዳል፤ ሽባነቱም አይድንም። በ1980ዎቹ መጨረሻ ደላንታ ውስጥ ከድርቅ በኋላ ብዙ ሰዎች ለዚህ ተዳርገዋል። ሌላ ምርጫ ከሌለ ክኩን በብዙ ውሃ ዘፍዝፉና ውሃውን ድፉ፤ በአዲስ ውሃ ቀቅላችሁ ያንንም ድፉ። ይህ መርዙን ይቀንሰዋል እንጂ አያጠፋውም፤ ስለዚህ ጓያው ከሌላው እህል እንዳይበልጥ አድርጉ፣ ባቄላ ወይም አተር የተገኘ ቀን ጨርሶ ተዉት። ከቤተሰቡ አንዱ እግሬ ከበደኝ ወይም ጉልበቴ ተንቀጠቀጠ ካለ ግን በዚያው ቀን አቁሙት፤ ጤና ጣቢያው እስኪከፈት አትጠብቁ።